ካልሲ ገና ልጅ ናት

አክስቴን የሚያውቁ ሰዎች ሁለት ነገር ይነግሯችኋል። አንደኛው፣ የማታስለቅቀው እድፍ የለም። ሁለተኛው፣ ከእሷ ጋር መከራከር ትርፉ ድካም ነው። ሁለተኛውን በተለይ እኔን ጠይቁኝ። ሰላሳ ዓመት ሊሞላኝ ነው፤ አንድ ቀን እንኳ ረትቻት አላውቅም።

የምትሠራው የሆቴሎችና የክሊኒኮች አንሶላ የሚታጠብበት ላውንደሪ ውስጥ ነው። ሥራዋ እድፍ መመርመር ነው። ከማሽን የወጣውን አንሶላ በሁለት እጇ ዘርግታ ወደ መስኮቱ ብርሃን ታነሳዋለች፣ ዓይኗን አጥብባ ከላይ እስከ ታች ታየዋለች፤ ከዚያ ወይ «ነጻ!» ብላ ወደ ካውያው ታሳልፈዋለች፣ ወይ ዝም ብላ ወደ በረኪናው ትመልሰዋለች። ወይኑን፣ ቀለሙን፣ ዘይቱን፣ ደሙን ገና ከሩቅ ትለየዋለች። «ሰው ይዋሻል፣ ጨርቅ ግን አይዋሽም» ትላለች። ይቺን አባባሏን ያዙልኝ፤ ኋላ ጉድ ልታፈላብን የነበረችው እሷ ናት።

እኔ እታለም ነው የምላት። እናቴ እንደዚያ ትላት ነበር አሉ። «አሉ» የምለው እናቴን ስለማላውቃት ነው። የአክስቴ ታናሽ እህት ነበረች፤ በአሥራ ስድስት ዓመቷ አገባች፣ በዓመቱ እኔን ስትወልድ ሳታየኝ ሞተች አሉ። አክስቴ ከዚያው ከአልጋው ላይ አንስታ አሳደገችኝ። ይኸው ነው፣ ከዚህ ሌላ አላውቅም። ስለ እናቴ ስጠይቃት መልሷ ሁሌም አንድ ነው። «ልጅ ነበረች» ትልና ብድግ ብላ የሚታጠብ ነገር ትፈልጋለች። ያልቆሸሸ መጋረጃ ስታጥብ ካየሁ ምን ትዝ እንዳላት ይገባኛል። እውነቱን ልናገር አይደል? ውስጥ ውስጡን ሲበላኝ የኖረ ነገር ነበር። እህቷን የገደልኩት እኔ ነኝ፣ ባየችኝ ቁጥርም የሚታያት ያ ነው እል ነበር። እንዲህ ያለውን ነገር ደግሞ በምን አፍ ትጠይቁታላችሁ?

ካልሲ ወደ ቤታችን የመጣችው በላውንደሪው መኪና ነው። ሾፌሩ ከሆቴል የቆሸሸ ልብስ ጭኖ ሲመለስ ከቅርጫት ሥር የሆነ ነገር ሲነጫነጭ ይሰማል፤ ገልጦ ቢያይ ዓይኗ በቅጡ ያልተከፈተ ቡችላ። ማን እዚያ እንደከተታት እስከ ዛሬ አልታወቀም። ሁሉም «ወዲያ ጣላት» ሲል አክስቴ ጥንዳቸው የጠፋባቸው ካልሲዎች የሚጠራቀሙበት ሣጥን ውስጥ አስተኛቻት፣ ማታ በጉያዋ ይዛት መጣች፣ ስሟንም ካልሲ አለቻት። ለእኔ ትንሽ ሆኜ አንዲት ድመት የከለከለችኝ ሴትዮ! «ምን ነካሽ?» ብላት፣ «አንቺ ፀጉር ቤትሽ ውዪ፣ እኔ ከማን ጋር ላውራ?» ብላ አፌን አስያዘችኝ።

እኔ ፀጉር ሠሪ ነኝ፤ ወሬ የሥራዬ ግማሽ ነው። ያን ሰሞን ደንበኞቼ የሚሰሙት የካልሲን ወሬ ብቻ ሆኖ ነበር። ጫማ በላች፣ ሳሙና ላሰች፣ የአክስቴን ሽርጥ ለብሳ ግቢውን ዞረች። ስምንት ወር ሲሞላትም ያው ትንሽ ነበረች፤ በአንድ ክንድ ትታቀፋለች። ከዚህ በላይ እንደማታድግም ያስታውቃል።

አሁን ጎረቤታችንን ላስተዋውቃችሁ። ከአጥራችን ማዶ ጋራዥ ነው፤ በመሃላችን ያለው ቆርቆሮ ብቻ ነው። የጋራዡ ባለቤት መካኒክ ሆዱ የማይከፋ፣ አፉ የማያርፍ ሰው ነው። የጋራዡ ጠባቂ ግን ውሻው ነው። ስሙ ጄኔራል፣ ጥቁር፣ ጥጃ የሚያክል። ሲጮኽ የቤታችን ብርጭቆ ይንጫጫል።

አንድ ጠዋት አክስቴ «ነይ! ነይ ቶሎ!» ብላ ስትጮህ የጥርስ ብሩሼን እንደጎረስኩ ሮጥኩ። ወለሉ ላይ አንሶላ ዘርግታ በጉልበቷ ተንበርክካለች። ካልሲ የተኛችበት ቦታ ላይ ደም ተንጠባጥቧል።

«ጠርሙስ ወግቷት ነው» አለችኝ፤ መዳፎቿን አንድ በአንድ እያገላበጠች።

እኔ ካልሲን አየኋት። ጅራቷን አንስታ ከኋላዋ ትልሳለች፤ አብጧል። ገባኝ። «እታለም፣ ጠርሙስ አይደለም። ደርሳ ነው» አልኳት።

«ምን?»

«የወር አበባ በይው፣ ምን በይው። ደርሳለች እኮ።»

ሰላሳ ዓመት ሙሉ ደም ሲያጥብ የኖረ እጇ የካልሲን መዳፍ ለቀቀ። ወለሉን አየች፣ እኔን አየች፣ ከማዶ የጄኔራል ሰንሰለት ሲንኳኳ ሰማች። «ልጅ ናት እኮ» አለች። «ገና ልጅ ናት።»

በዚያው ጠዋት በፎጣ ጠቅልላ የእንስሳት ሐኪሙ ዘንድ ይዛት ሄደች። እኔ ደንበኛ ይጠብቀኝ ስለነበር አልተከተልኳትም። እዚያ የሆነውን ያጫወተኝ ሐኪሙ ራሱ ነው፣ ከብዙ ቀን በኋላ። ክሊኒኩ አንድ ክፍል ናት፤ የምርመራውን ጠረጴዛ ከተራ ጠባቂዎች የሚለየው መጋረጃ ብቻ ነው። ከመጋረጃው ማዶ ውሻና ድመት የታቀፉ ወንዶች ተደርድረዋል። ሐኪሙ ወጣት ነው፣ ድምፁ ደግሞ የሰባኪ።

«እናቴ፣ አይደንግጡ፤ በሽታ አይደለም። የመጀመሪያ የስሪያ ወቅቷ ነው» አላት። ሦስት ሳምንት ገደማ እንደሚቆይ፣ ማሰሪያ ሳይኖራት ግቢ እንኳ እንዳትወጣ፣ ምኝታዋን በየጊዜው እንድትቀይርላት ነገራት። ወቅቱ ካለፈ ከሁለት ሦስት ወር በኋላ መጥታ ቢያመክናት እንደሚሻል አከለ። አክስቴ የጄኔራልን ነገር ስታነሳበት ግን ፊቱ ተለወጠ። «ከሱ ካረገዘችማ ትልቅ አደጋ ነው። ራሷ ገና ልጅ ናት፣ ዳሌዋ አልጸናም። ቡችሎቹ ይገዝፉና መውጫ ያጣሉ። ልትሞት ትችላለች» አላት።

አክስቴ ጠረጴዛውን ጨብጣ ቀረች። ሐኪሙ ቀጠለ። «አንድ ነገር ልብ ይበሉልኝ፤ ደሙ እስካለ ድረስ ራሷም ወንድ አታስጠጋም፣ ትነክሰዋለች። ደሙ ሲነጣና ሲቆም ነው እንግዲህ ራሷ ወንዱን የምት...»

«በቃ!» አለችው አክስቴ። ከመጋረጃው ማዶ አንዱ ጉሮሮውን ጠረገ። «ሰምቻለሁ፣ በቃ። ድምፅህን ቀነስ አድርግ እንጂ፣ ሰው አለ!» ካልሲን ከነፎጣዋ አፈፍ አድርጋ ወጣች። ያቺ የተቋረጠች ዓረፍተ ነገር ናት እንግዲህ ነፍስ ልታስከፍለን የነበረችው።

ቤት ስመለስ፣ «ወንድ ከደረሰባት ትሞታለች። ሦስት ሳምንት ነው። ሌላው ዝባዝንኬ ነው» አለችኝ። ወዲያው ጦርነት ታወጀ።

በሥራ ዘመኗ ወስዳ የማታውቀውን ፈቃድ ወሰደች። ከአሮጌ የትራስ ልብስ ለካልሲ የውስጥ ሱሪ ሰፋችላት፤ ወገቡ ላስቲክ፣ ለጅራቷ ቀዳዳ፣ ውስጡ ተነጣፊ ጨርቅ። መስኮት አይከፈትም፣ በር አይበረገድም። ካልሲ ለሽንት ስትወጣ በማሰሪያ ነው፤ አክስቴ በአንድ እጇ ማሰሪያውን፣ በአንድ እጇ መጥረጊያውን ይዛ ነው የምታጅባት። ከየት ከየት እንደሚመጡ እንጃ፣ የሰፈሩ ወንድ ውሾች በሙሉ በራችን ላይ ተኮልኩለዋል። አክስቴ ሽታውን ላጥፋ ብላ ደጁን በበረኪና አጠበችው። ውሾቹ አስነጠሳቸው እንጂ ንቅንቅ አላሉም። እኔ በዚያ ሰልፍ መሃል እየተሽሎከሎክሁ ሥራ እገባለሁ።

ከሁሉ የከፋው ጄኔራል ነው። ያላዝናል። የመካኒኩ መዶሻ ሲያርፍ የሱ ጥፍር ቆርቆሮውን ሲፍቅ ይሰማል፤ ክርርርር፣ ክርርርር። ያ ድምፅ ነርቭ ይበላል። የደንበኛዬን ፀጉር በቢጎዲን ስጠቀልል እንኳ በጆሮዬ ይመጣብኝ ጀመር። ካልሲ ምግብ ዘግታለች፤ አክስቴ በሄደችበት እግሯ ሥር ትገባለች፣ ራሷን ትልሳለች፣ ያለ ምክንያት ትንቀጠቀጣለች። አክስቴ «አይዞሽ፣ እኔ እያለሁ ማንም አይነካሽም» እያለች ታባብላታለች። እኔን እንዲህ አባብላኝ ታውቃለች? አላስታውስም። ቀናሁ ብላችሁ ትስቁብኝ ይሆናል፤ አዎ፣ ቀንቻለሁ።

አንድ ከሰዓት መካኒኩ በርሜል ላይ ቆሞ በአጥሩ ላይ ብቅ አለ። በቅባት የተለወሰ ፊቱ ፈገግታ ብቻ ነው።

«እትዬ! እንደምን ዋሉ? ልጄ እህል ውሃ አልቀምስ አለ እኮ። ምን ያሟግተናል፣ እንዳራቸው እንጂ! እሷም እንደሆነች ደርሳለች!»

እኔ ልስቅ ነበር። አክስቴን ሳያት ግን ተውኩት። የካልሲን ጨርቅ የምታጥብበትን ባልዲ ይዛ ቆማለች፤ ፊቷ አመድ መስሏል።

«ምን አልክ?»

«ደርሳለች ነው ያልኩት እትዬ፤ ለጨዋታ...»

ባልዲውን ሙሉ ገለበጠችበት። መካኒኩ ከነበርሜሉ ማዶ ወደቀ። «ልጅ ናት!» ብላ ጮኸች። «ገና ልጅ ናት! ደርሳለች፣ ደርሳለች፣ ለምን ትሉኛላችሁ? ልጅ ናት!» እንዲህ ያለ ድምፅ ከአክስቴ ወጥቶ ሰምቼ አላውቅም። ያቺ ቃል ለካልሲ ብቻ እንዳልሆነች ገባኝ። አክስቴ ገብታ መጋረጃዎቹን በሙሉ ልታጥባቸው አወረደች።

መካኒኩ ክፉ ሰው አይደለም። በነጋታው ምንም ሳይተነፍስ ቆርቆሮው ላይ ሌላ ቆርቆሮ ደርቦ ሲመታ ዋለ፤ ጄኔራልንም በወፍራም ሰንሰለት ብረት ምሰሶ ላይ አሰረው።

ሁለተኛው ሳምንት እየጀመረ ነበር። የካልሲ ጨርቅ በየቀኑ እየነጣ መጣ። ከቀይ ወደ ሮዝ፣ ከሮዝ ውሃ ወደመሰለ ነገር። አክስቴ በየጠዋቱ እንደ ላውንደሪው አንሶላ ወደ መስኮት አንስታ ታየዋለች። ቅዳሜ ጠዋት ሻዬን እየጠጣሁ ሳለ ድምጿ ቤቱን ሞላው።

«ነጻ!»

ዘልዬ ተነሳሁ። ጨርቁን ከአፍንጫዬ ሥር ዘረጋችልኝ። «እዪው! አንዲት ነጥብ የለችም። አለቀ! ተገላገልን!»

«ሐኪሙ ሦስት ሳምንት አላለም እንዴ?»

«እሱ ለትልልቆቹ ነው። ይቺ ልጅ ናት፣ ቶሎ ጨረሰች።»

«ለማንኛውም ደውለን እንጠይቀው።»

«አንቺ ደግሞ! ሰላሳ ዓመት ደም ሳጥብ ኖሬ ማለቁን ከልጅ ልማር? ጨርቅ አይዋሽም።» የካልሲን ሱሪ አወለቀችላት፣ ማሰሪያዋን ምስማር ላይ ሰቀለች፣ የተጠራቀመውን አንሶላ በሙሉ ነክራ እየዘፈነች ማጠብ ያዘች። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም፤ እኔም ቦርሳዬን አንስቼ ወጣሁ።

በሩን ስከፍት ግን ውሾቹ አሁንም ተኮልኩለዋል። እንዲያውም በዝተዋል። አንዱም ወደ እኔ ዞሮ አላየኝም፤ ዓይናቸው የበሩ ስንጥቅ ላይ ነው። አለቀ ከተባለ፣ እነዚህ ታዲያ ምን ይጠብቃሉ?

ይቺ ጥያቄ ፀጉር ቤት ድረስ ተከትላኝ መጣች። አንዷን ደንበኛ የፀጉር ማድረቂያው ካስክ ሥር አስቀምጬ ረሳኋት፤ «አንቺ ልጅ፣ ጆሮዬን ልትቀቅይው ነው?» ብላ ስትጮህ ነው የነቃሁት። በምሳ ሰዓት አላስችል ሲለኝ ወደ ክሊኒኩ ሄድኩ። ለራሴ ያልኩት «የምታመክንበትን ቀን ልጠይቅ» ነው። ሐኪሙ ሳንድዊቹን ይዞ ተቀምጧል፤ ከእነ ካልሲ ቤት መምጣቴን ነገርኩት።

«ካልሲ እንዴት ናት?»

«ደህና ናት። ደሙ ቆመላት። ዛሬ ጠዋት አክስቴ...»

ሳንድዊቹን ጠረጴዛው ላይ ጣለው። «ዛሬ? አሁን የት ናት?»

«ግቢ ናት፤ ተፈታለች እኮ።»

«አክስትሽ አልነገሩሽም እንዴ?» ብሎ ተነሳ። «ደሙ ሲቆም ነው ዋናው ጊዜ! እስከ ዛሬ እምቢ ስትል ነበር፤ ከአሁን በኋላ እምቢ አትልም። ራሷ ትሄድለታለች። ምን ትጠብቂያለሽ፣ ሩጪ!»

ሮጥኩ። ሽርጤን እንደታጠቅኩ፣ ማበጠሪያዬ ኪሴ ውስጥ እንደተሰካ። እየሮጥኩ ደወልኩ፤ ይጠራል፣ አይነሳም። ደግሜ ደወልኩ። ስታጥብ ስልኳን ውሃ እንዳይነካው ሳሎን እንደምታስቀምጠው አውቃለሁ፤ ግን በባዶ እጅ መሮጥ አልቻልኩም። መንገድ ላይ አንድ ሰውዬ ገፍቼ የስድብ ዓይነት አወረደብኝ፤ ዞሬም አላየሁት። አንድ ነገር ብቻ ነው በጭንቅላቴ የሚመላለሰው። ካልሲ ከሞተች አክስቴ ሁለተኛ አትነሳም።

በራችን ላይ የነበሩት ውሾች የሉም። ዞረው በጋራዡ በኩል አጥሩን ያሸታሉ። በሩን ገፍቼ ገባሁ።

ግቢው በሙሉ አንሶላ ነው። ከጥግ እስከ ጥግ በአራት ገመድ ተሰቅሎ አንዱ ካንዱ ያጋርዳል፤ ከአንድ ክንድ በላይ አይታይም። «እታለም!» ብዬ ጮኽኩ። መልስ የለም። የሚያንኮራፋ የሚመስል ማጉረምረም ሰማሁ፣ ከዚያ የሰንሰለት ኳኳታ። ግን ኳኳታው ከማዶ አይደለም። ከእኛ ግቢ ውስጥ ነው።

አንሶላውን ገለጥኩ፤ ሌላ አንሶላ። እሱን ገለጥኩ፤ ሌላ። እርጥቡ ጨርቅ ፊቴ ላይ ይለጠፋል፣ እግሬ በሳሙና ውሃ ይንሸራተታል። የመጨረሻውን ስገልጥ አክስቴን አየኋት።

መሬት ላይ ናት። ሥሯ ነጭ አንሶላ አለ፣ በአንሶላው ውስጥ ጄኔራል አለ። እርጥብ አንሶላ ወርውራ ጠቅልላው፣ በሙሉ ክብደቷ ተኝታበት፣ ጫፉን በጥርሷ ሳይቀር ይዛለች። ቆርቆሮው ከሥሩ ተቆፍሯል፤ ሰንሰለቱ ከነምሰሶው ተነቅሎ ተከትሎት መጥቷል። ካልሲ ደግሞ፣ ያቺ ወንድ ስታይ ከአክስቴ ቀሚስ ሥር የምትገባ ካልሲ፣ አትሸሽም። ጅራቷን ወደ ጎን አድርጋ ወደ አንሶላው እየተጠጋች፣ እየገፋች ታለቅሳለች።

«ያዣት!» አለች አክስቴ በጥርሷ መሃል። «ያዣት ልጄ!»

አፈፍ አደረኳት። ተወራጨች፣ እጄን ነከሰችኝ፤ ወደሱ ነው የምትታገለው። መካኒኩ አጥሩን ዘሎ መጣና ጄኔራልን በአንገቱ ማሰሪያ ይዞ ከነአንሶላው ጎትቶ አወጣው። በዚያ ዕለት ከአፉ ቀልድ አልወጣም።

አክስቴ ከጭቃው አልተነሳችም። ጉልበቷ ተልጦ ይደማል።

«ደርሶባታል?» አልኳት።

«አላውቅም» አለች። «መቆንጠጫ ላመጣ ገባሁ። ስወጣ አብረው ናቸው። ከዚያ በፊት ምን እንደሆነ አላውቅም።» ካልሲን በዓይኗ ፈለገቻት። «አልሸሸችም እኮ። ቆሞ ሲያሸታት አየኋት፣ ራሷ ተጠጋችለት።»

«ተፈጥሮ ነው እታለም። ሐኪሙም...»

«እናትሽም እየሳቀች ነው ያገባችው» አለችኝ።

ካልሲን እንደታቀፍኩ አጠገቧ ጭቃው ላይ ቁጭ አልኩ።

«ፈልጋ ነው አሉ። ወደደችው፣ ማን ይከለክላታል አሉ። እኔም ፈልጋ ነው ብዬ ዝም አልኩ። ቀሚሷን አጥቤ የተኮስኩት እኔ ነኝ፤ አንዲት መጨማደድ አልነበረበትም። ልጅ ፈለገ ተብሎ ይሰጠዋል? ልጅ እሳትም ይፈልጋል እኮ! ትልቁ ነው እምቢ ማለት የነበረበት። ትልቋ ደግሞ እኔ ነበርኩ።»

መካኒኩ ቆርቆሮው ሥር ቆሞ ሁሉንም ሰምቷል። ኮፍያውን አወለቀና፣ «እትዬ፣ ያን ቀን አላወቅሁም ነበር» አለ። አክስቴ በእጇ «ተወው» አለችው። የዚያን ለት ከሰዓት በኋላ ጉድጓዱን በሲሚንቶ ደፈነው።

ሐኪሙ ያን ቀን ምንም ሊነግረን አልቻለም። በመሣሪያ የሚታየው ከአራት ሳምንት በኋላ ነው አለ። እነዚያን ሳምንታት እንዴት አድርጌ ልንገራችሁ? ካልሲ ስታስመልስ እንደነግጣለን፤ ሳታስመልስ ደግሞ «ደብቃው ነው» እንላለን። ጠግባ ከበላች ሆዷን እናያለን። አክስቴ ቀጥ ብላ ሥራዋ ገባች፤ ግን የላውንደሪው ሾፌር እንደነገረኝ አንሶላ ወደ መስኮት አንስታ ቆማ ትቀራለች፣ «ነጻ» ማለት ትታለች።

ቀኑ ሲደርስ ሦስታችንም ሄድን። ያቺው ክፍል፣ ያው መጋረጃ፣ ከማዶ ያው ወንበር ሙሉ ሰው። ሐኪሙ የካልሲን ሆድ እየላጨ አስቀድሞ ነገረን። «ካረገዘች መጠበቅ የለብንም። ዛሬውኑ ቀድጄ ማህፀኑን ከነቡችሎቹ አወጣለሁ። እሷ ትተርፋለች።»

«ቡችሎቹስ?» አልኩ።

እኔ መሆኔን ያወቅሁት ድምፁ ከወጣ በኋላ ነው። ሐኪሙ ምላጩን እንደያዘ አየኝ።

«ቡችሎቹስ? እነሱ ምን አጠፉ? እናታቸው ልጅ ከሆነች እነሱ ምን ያርጉ?» እየጮኽኩ ነበር። ለምን እንደምጮህ ሐኪሙ አልገባውም። አክስቴ ግን ወደኔ ዞረች፤ ቀስ ብላ፣ እድፍ እንደምትፈልግ አየችኝ። በበረኪና የተሰነጣጠቀ እጇን ዘርግታ ክንዴን ያዘች።

«ምንም አላጠፉም» አለችኝ። «ምንም። እኛ ትልልቆቹ ነን ያጠፋነው። ሰምተሽኛል? አንቺ ምንም አላጠፋሽም።»

ከመጋረጃው ማዶ ሰው ሁሉ ይሰማል። አክስቴ ግድም አልሰጣት። ወደ ሐኪሙ ዞረችና፣ «በል አሁን ንገረኝ፤ ያን ቀን ያቋረጥኩህን ጨምረህ። ሲደማ ምን፣ ሲቆም ምን፣ ወንድ ስትፈልግ ምን። አንድም ሳታስቀር፣ ጮክ ብለህ!» አለችው። ነገራት። እሷም ጠየቀች፤ ያን ሁሉ ሰው እያሰማች።

ከዚያ መሣሪያውን ካልሲ ሆድ ላይ አስደገፈ። ግራጫው ስክሪን ላይ የሆነ ጥላ ይንቀሳቀሳል፤ ለእኔ ሁሉም አንድ ነው። ሐኪሙ ወደ ግራ ሄደ፣ ወደ ቀኝ ተመለሰ፣ ደግሞ ወደ ግራ። አክስቴ ክንዴን አልለቀቀችም፤ ጥፍሯ ገባብኝ።

«ባዶ ነው» አለ በመጨረሻ።

«ነጻ?» አለች አክስቴ።

«ነጻ ናት፣ እናቴ።»

የማምከኛዋ ቀን ተቆርጦልን ወጣን። አክስቴ ካልሲን ታቅፋ በዝግታ ትራመዳለች። አስፋልቱን ከተሻገርን በኋላ፣ «ካልሲ ያልኳት ለምን እንደሆነ ታውቂያለሽ?» አለችኝ።

«ካልሲ ሣጥን ውስጥ ስላስተኛሻት ነዋ።»

«እሱ ለሰው የምናገረው ነው።» የካልሲን ጆሮ ዳበሰች። «እናትሽ ሳታይሽ ሞተች ይሉሻል። ውሸት ነው። ደረቷ ላይ ያስቀመጥኩሽ እኔ ነኝ። አየችሽ። ጣትሽን ነካካች፣ ሳቀችም። ‹እታለም፣ እዪያት፤ ካልሲ ታክላለች እኮ› አለችኝ። ከዚያ በኋላ ሌላ ቃል አልወጣትም።»

እዚያው የእግረኛ መንገዱ መሃል ቆምኩ። «ሰላሳ ዓመት!» አልኩ። «ሰላሳ ዓመት ሙሉ ይሄን አፍነሽ! አላየችኝም ብዬ፣ ገደልኳት ብዬ ስኖር...» ዕንባዬ አፌ ውስጥ ገባ፤ ድምፄ መንገዱን ሞላው። ሱቅ ደጅ የተቀመጡት ሰዎች ዞረው አዩን።

«አትጩኺ፣ ሰው አለ» አለችኝ። ከዚያ ሰዎቹን አየቻቸው፣ ካልሲን ወደ ሌላው ክንዷ አዛወረችና በተረፈው እጇ ትከሻዬን ያዘች።

«እሺ፣ ጩኺ» አለች።